ቁልፉ በማን እጅ ነበር? ከጣና ገዳማት ዕቃ ቤት እስከ ሞዴል 22

በባሕር ዳር ካሉት የመንግሥት ቢሮዎች በአንዱ ሲሠራ የቆየ ሰው ሥራ ሲለቅ ወይም ሲዛወር በእጁ የሚገባው ወረቀት ክሊራንስ ነው። ንብረት ክፍል ይፈርምበታል፣ ሒሳብ ክፍል ይፈርምበታል፣ ቤተ መጻሕፍት ካለ እሱም ይፈርምበታል። ከዓመታት በፊት የወሰደው ካልኩሌተር ወይም ላፕቶፕ በስሙ ተመዝግቦ ዕቃው ግን ከሌለ ወረቀቱ እዚያው ላይ ይቆማል። ያን ጊዜ ዕቃው እንዴት እንደጠፋ ጠያቂ እምብዛም የለም፤ የሚጠየቀው በማን ስም እንዳለ ነው። ስሙ የተገኘበት ሰው ዕቃውን ያመጣል፣ ካላመጣ ዋጋውን ይከፍላል፣ መክፈል ካልቻለ ተያዡ ይጠራል። ብዙዎቻችን ይህን አሠራር ከአባቶች የወረስነው የአደራ ሥርዓት አድርገን ስለምናየው አንከራከርበትም። አደራ የተቀበለ ይመልሳል፣ ያልመለሰ አደራ በላ ነው፣ አለቀ። በጣና ዳርቻ የኖረው የንብረት ጥበቃ ታሪክ ግን እንዲህ አያሳይም። የቀድሞው ሥርዓት የጠፋውን ዕቃ ዕዳ በመጨረሻው ተረካቢ ትከሻ ላይ ብቻ የሚጥል አልነበረም፤ ጥበቃውን ለብዙ ዓይን ያከፋፈለ ነበር። ዘመናዊው መሥሪያ ቤት ከዚያ የወረሰው ግማሹን ነው፦ መዝገቡን ያዘ፣ ከፍርድ አደባባይ ደግሞ ዋሱን አመጣ፣ ዓይኑን ግን ተወው።

የጣና ደሴቶች ከጸሎት ቦታነታቸው ሌላ የአገር ዕቃ ቤት ሆነው ኖረዋል። በዳጋ እስጢፋኖስ የአፄ ዘርአ ያዕቆብና የአፄ ፋሲለደስ አስከሬን በአደራ ተቀምጧል። ከባሕር ዳር በጀልባ ቅርብ የሆነው ክብራን ገብርኤል ከአፄ ዐምደ ጽዮን ዘመን ጀምሮ የሚጠቀስ ገዳም ሲሆን፣ በ15ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የተሣለው ሥዕላዊ ወንጌሉ በዓለም የታወቀ ነው። በዘጌ ልሳነ ምድር ዑራ ኪዳነ ምሕረት ነገሥታት የሰጧቸውን ዘውዶችና አልባሳት ይዟል፤ በደቅ ደሴት ናርጋ ሥላሴን በ18ኛው ክፍለ ዘመን ያሠሩት እቴጌ ምንትዋብ ናቸው። ግራኝ አሕመድ በየካቲት 1535 ዓ.ም. ከጣና ብዙም በማይርቅ ስፍራ እስኪወድቅ ድረስ በዘለቀው ጦርነት የየብሱ አብያተ ክርስቲያናት ሲቃጠሉ፣ ውሃ የከበባቸው ገዳማት ንዋየ ቅድሳትንና መጻሕፍትን መሸሸጊያ እንደሆኑ ትውፊቱ ያስረዳል። እንግዲህ የሌላውን ንብረት ተቀብሎ መጠበቅ፣ መቁጠርና ማስረከብ በዚህ ሐይቅ ዙሪያ ቢሮ የሚባል ነገር ከመምጣቱ ከመቶዎች ዓመታት በፊት የታወቀ ሥራ ነበር ማለት ነው።

ያ ሥራ እንዴት ይሠራ እንደነበር የሚመሰክሩት የብራና መጻሕፍቱ ራሳቸው ናቸው። የአንድ ደብር ወይም ገዳም የንብረት ዝርዝር የሚጻፈው በተለየ መዝገብ ላይ አልነበረም። በወንጌሉ መጀመሪያና መጨረሻ ባሉት ባዶ ቅጠሎች ወይም በኅዳጉ ላይ ይሰፍራል፦ ይህን ያህል የብር መስቀል፣ ይህን ያህል ጽና፣ ጻሕልና ጽዋ፣ መጋረጃው፣ ከበሮው፣ ጽናጽሉ፣ ከዚያም መጻሕፍቱ በየስማቸው። ብዙውን ጊዜ ዝርዝሩ በማን አበምኔትነት እንደተጻፈና ሲጻፍ እነማን በቦታው እንደነበሩ አብሮ ይገልጻል። ቦታው ያለ ምክንያት አልተመረጠም። ወንጌል በማኅበሩ ፊት የሚወጣ፣ የሚሳለሙትና የሚነበብ መጽሐፍ ነው። በእሱ ላይ የሰፈረን ቁጥር ለብቻ ተቀምጦ መፋቅና መደለዝ ከባድ ነው፤ የርስት ጉልት ስጦታም እዚያው የሚጻፈው ስለዚሁ ነው። ዝርዝሩ ለጠባቂው መቆጣጠሪያ የመሆኑን ያህል ለጠባቂው መከታም ነበር፤ ተሿሚው ሲለወጥ ምን እንደተረከበ ማኅበሩ ሁሉ ያውቃልና።

ከዝርዝሩ ጎን ደግሞ ግዝቱ ይቆማል። የጣና መጻሕፍትን ጨምሮ እጅግ ብዙ የኢትዮጵያ ብራናዎች መጽሐፉን የሰረቀ፣ በጉልበት የወሰደ፣ የሸጠ ወይም ጽሑፉን የፋቀ የተወገዘ ይሁን የሚል ቃል አላቸው። ቃሉን ሕግ እንደሚነበብ አድርጎ ላነበበው ሰው አንድ ነገር ጎልቶ ይታያል። ግዝቱ የሚያርፈው በአድራጊው ላይ ነው። ጠባቂው ራሱ ከሸጠው ግዝቱ ያገኘዋል፤ ሌባ ሰብሮ ቢወስድበት፣ እሳት ቢበላበት፣ ታንኳ ሲገለበጥ ውሃ ቢወስድበት ግን ውግዘቱ እሱን አይመለከተውም። ከሰሎሞናዊያን ዘመን ጀምሮ ሲጠቀስ የኖረው ፍትሐ ነገሥትም አደራን፣ ውሰትንና ዋስትናን በየራሳቸው አንቀጽ ለያይቶ ማስቀመጡ ከዚህ መንፈስ ጋር ይስማማል። ለራሱ ጥቅም የተዋሰና ለሌላው ሲል የጠበቀ ሰው በአንድ ሚዛን ሊመዘኑ አይገባም።

የተሿሚዎቹ አደረጃጀትም ይህንኑ ይናገራል። ገበዙ ወይም ቄሰ ገበዙ ንዋየ ቅድሳቱን ይይዛል፣ መጋቢው የእህሉንና የምግቡን ነገር ይመራል፣ አበምኔቱ ከሁሉም በላይ ሆኖ ያያል። በብዙ አብያተ ክርስቲያናት ዕቃ ቤቱ ወይም ሙዳየ ምጽዋቱ ከአንድ በላይ ቁልፍ አለው፤ ቁልፎቹም በተለያዩ ሰዎች እጅ ናቸው፣ አንዱ ብቻውን ሊከፍት አይችልም። የልማዱ ብልሃት ሰውን መጠርጠሩ ላይ ብቻ አይደለም። ዕቃው ሲጎድል ጥያቄው ለሁሉም ባለቁልፍ ስለሚቀርብ ማንም ብቻውን አይከሰስም፣ ማንም ብቻውንም አያመልጥም።

እዚህ ላይ አንድ ብርቱ ተቃውሞ ይነሳል። ሥርዓቱ ያን ያህል ጥሩ ከነበረ መጻሕፍቱ ለምን ወጡ? ጀምስ ብሩስ በ18ኛው ክፍለ ዘመን፣ አንቷን ዳባዲ በ19ኛው፣ ብራናዎቻችንን ሰብስበው ሄደዋል። ከመቅደላ በ1860 ዓ.ም. በእንግሊዝ ጦር የተወሰዱት ወደ 350 የሚጠጉ መጻሕፍት ዛሬም ለንደን ናቸው። ተቃውሞው እውነት አለው፤ ግዝት ሁሉን አላስቆመም። ግን የመቅደላውን ምሳሌ ጠጋ ብለን እንየው። እነዚያ መጻሕፍት በአመዛኙ አፄ ቴዎድሮስ ለሚያቋቁሙት መድኃኔዓለም ብለው ከጎንደር አብያተ ክርስቲያናት ያሰባሰቧቸው ናቸው፤ ከዚያ የወሰዳቸው ደግሞ የውጭ ጦር ነው። በሁለቱም ጊዜ ዕቃውን ያወጣው ሥልጣንና ጠመንጃ እንጂ የገበዝ መዘናጋት አይደለም። ለእያንዳንዱ ገበዝ አሥር ተያዥ ቢቆምለት ኖሮ እንኳ አንድ ቅጠል ብራና አይተርፍም ነበር። ትልልቁ ጥፋት የሚመጣው ከላይ ነው። ይህ እውነት በኋላ ዘመንም በቢሮዎቻችን ደጋግሞ ይመለሳል።

ዋስ የገባው በሌላ በር ነው። በአማራው አገር የፍርድ ልማድ ያለ ዋስ የሚሄድ ነገር አልነበረም፤ ሙግት ለመጀመር፣ ብድር ለመውሰድ፣ ቀጠሮ ለማክበር ሰው ይጠራ ነበር። ዋስ ያጣ ባለዕዳ ከከሳሹ ጋር በቁራኛ ታስሮ ይውል ነበር። «ያባት ዕዳ ለልጅ፣ ያፍንጫ እድፍ ለእጅ» የተባለውም ዕዳ ከሰውየው አልፎ ወደ ዘመዱ የሚሻገርበት ዓለም ስለነበር ነው። በቤተ መንግሥት በኩል ግን የንብረት ተጠያቂነት እንዲህ በሒሳብ የተሰላ አልነበረም። በጅሮንዱ የንጉሡን ግምጃ ቤት ይይዛል፣ ነጋድራሱ የገበያውንና የኬላውን ቀረጥ ይሰበስባል፤ ሹመቱ ራሱ መተዳደሪያው ነው። «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» የሚለው ተረት የዚያ አሠራር ማጠቃለያ ነው። ንጉሡ ወይም ገዢው ራስ ሲቆጣ ሹሙ ይሻራል፣ ሀብቱ ይወረሳል፤ ስንት ጎደለ ተብሎ አይሰላም። ጎጃምን ለረጅም ጊዜ የገዙት ራስ ኃይሉ ተክለ ሃይማኖት በ1924 ዓ.ም. ሲወድቁ የሆነው ከዚሁ ልማድ የራቀ አይደለም። አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮች ሲሾሙ የገንዘቡን ሚኒስትርነት ለበጅሮንድ ሙሉጌታ መስጠታቸው የግምጃ ቤቱ ሰው ወደ አዲሱ መሥሪያ ቤት ከነማዕረጉ መሻገሩን ያሳያል።

በወረቀት የሚሠራ መንግሥት በእውነት የተስፋፋው ከነፃነት በኋላ ነው። በ1948ቱ የተሻሻለ ሕገ መንግሥት ዋና ኦዲተር ቦታ አገኘ፤ የፍትሐ ብሔር ሕጉ በ1952 ወጥቶ ከመስከረም 1 ቀን 1953 ጀምሮ ጸና፤ የመንግሥት ሠራተኛን ቅጥርና አያያዝ የሚመራ ማዕከላዊ መሥሪያ ቤት በ1954 ተቋቋመ። ባሕር ዳርም ያደገችው በዚሁ ዘመን ነው። በጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ዙሪያ የነበረችው መንደር በ1950ዎቹ ከኢጣሊያ የጦር ካሣ የተሠራ የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ፣ በሶቪየት ኅብረት እርዳታ የተቋቋመ ፖሊቴክኒክ፣ የጢስ ዓባይ የኃይል ማመንጫ አገኘች። እያንዳንዱ ተቋም መጋዘን ያስፈልገዋል፤ እያንዳንዱ መጋዘን የሚፈርም ሰው ይፈልጋል። በደሴቶቹ ላይ በወንጌል ቅጠል ይጻፍ የነበረው ዝርዝር በዚህ ዳርቻ ወደ ካርቦን ኮፒ ጥራዝ ተለወጠ።

ጥራዙን ለማያውቀው አንባቢ አሠራሩን ላሳይ። ዕቃ ተገዝቶ ሲመጣ ዕቃ ግምጃ ቤት ሠራተኛው ቆጥሮ በሞዴል 19 ገቢ ያደርጋል። ዕቃ የፈለገ ክፍል በሞዴል 20 ይጠይቃል፣ ኃላፊው ይፈቅዳል፣ ዕቃው በሞዴል 22 ወጪ ይሆናል፤ ተረካቢው ፈርሞ ይወስዳል። ወረቀትና ቀለም አላቂ ነው፤ ጠረጴዛ፣ ኮምፒዩተርና ሞተር ብስክሌት ቋሚ ንብረት ስለሆነ መለያ ቁጥር ተጽፎበት በተረካቢው ስም ይኖራል። በየዓመቱ ሰኔ 30 ሲደርስ ቆጠራ ይደረጋል፤ ካርዱና መደርደሪያው ካልተስማሙ ልዩነቱ ጉድለት ይባላል። በራሱ ሲታይ ንጹሕ አሠራር ነው፤ ከወንጌሉ ዝርዝር ይልቅ ዕቃው የት እንደደረሰ በትክክል ይከተላል። ያጣው ነገር ቢኖር ተመልካች ነው። የወንጌሉን ዝርዝር ማኅበሩ ያየዋል፤ የሞዴል 22ን ቅጂ ግን ከሰጪ፣ ከተቀባይና ከሒሳብ ክፍል በቀር የሚያየው የለም። ላፕቶፑን ከፈረመው ባለሙያ የቡድን መሪው ለስብሰባ ይወስደዋል፣ ከእሱ ደግሞ ኃላፊው ለመስክ ይዞት ይሄዳል፤ አለቃውን «ፈርምልኝ» የሚል ሠራተኛ ስንት ነው? ዕቃው ሦስት እጅ ሲዞር ወረቀቱ በመጀመሪያው እጅ ላይ ይቀራል።

ተያዡ የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። ገንዘብ ያዥ፣ ዕቃ ግምጃ ቤት ወይም ንብረት ኦፊሰር ሆኖ የሚቀጠር ሰው ቋሚ ሥራ ያለው ዋስ እንዲያመጣ ይጠየቃል፤ ዋሱም የደመወዙን ልክ የሚገልጽ ደብዳቤ ከመሥሪያ ቤቱ ያጽፋል። የፍርድ አደባባዩ ዋስ እንዲህ ሆኖ ከቢሮው ሞዴል ጋር ተጋባ። የ1952ቱ ሕግ አውጪ አደጋውን የተረዳ ይመስላል። ዋስትና በግምት አይኖርም፣ በግልጽ መሆን አለበት፣ ዋሱ የሚጠየቅበት ከፍተኛ የገንዘብ መጠን ካልተገለጸ ደግሞ ውሉ ዋጋ የለውም ይላል አንቀጽ 1922። ይህ የአገሩን ልማድ ለመግራት የገባ ድንጋጌ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ለዘመድ ፊት ሲባል ቤትን እስከ ማጣት የሚያደርስ ዋስትና በአገሩ የተለመደ ነበርና። የደርግ መንግሥት በኅዳር 1967 ባወጣው ልዩ የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ደግሞ በመንግሥት ሥራና ንብረት ላይ የሚፈጸም ጥፋት ከበድ ያለ ቅጣት ተጣለበት፤ ከዋሱ በላይ ወህኒ ቤቱ መጣ።

የፍርሃቱን ውጤት ለማየት መዝገብ መክፈት አያስፈልግም፤ በአማራ ክልል ከተሞች የመንግሥት ግቢዎችን አጥር ተሻግሮ ማየት ይበቃል። ጎማቸው መሬት የበላው መኪናዎች፣ እግራቸው የተሰበረ ወንበሮች፣ የዛገ አልጋ፣ የተከመረ የኮምፒዩተር ቅርፊት። እንዲህ ያለው ዕቃ እንዲወገድ የሚደነግግ ሕግ አለ፤ የ2001 ዓ.ም. የግዥና የንብረት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 649ም ማስወገድን አንዱ የንብረት አስተዳደር ሥራ አድርጎ ይዞት ነበር። ግን ለማስወገድ የሚፈርም ሰው ነገ ኦዲተር ሲመጣ ስሙ ይነሳል፤ ሳይፈርም ዕቃው እዚያው ቢበሰብስ ማንም አይጠይቀውም። ንብረቱ ጠፋ እንዳይባል በቁሙ ይጠፋል። ለአንድ ካልኩሌተር ክሊራንስ የሚከለክል መሥሪያ ቤት ለበሰበሰ መኪና አንድም ሰው አይጠይቅም፤ መኪናው አልጠፋማ!

ሕጉ ከልማዱ ይልቅ ለዘብ ያለ መሆኑንም መናገር ያስፈልጋል። በተከታታይ የወጡት የመንግሥት ሠራተኞች አዋጆች ሠራተኛውን ለተሰጠው የሥራ መሣሪያ ተጠያቂ የሚያደርጉት ጉዳቱ ወይም መጥፋቱ በቸልተኝነቱ ወይም ሆን ብሎ ባደረገው ነገር ሲደርስ ነው። ከደመወዝ የሚቆረጠውም በወር ከሲሶው እንዳይበልጥ ተደርጓል። እንግዲህ ቸልተኝነት ነበር ወይስ አልነበረም የሚለው ጥያቄ የነገሩ እምብርት መሆን ነበረበት። በተግባር ግን ፊርማው ራሱ የቸልተኝነት ማስረጃ ተደርጎ ይወሰዳል፤ ሠራተኛው ንጹሕነቱን ያስረዳ ይባላል እንጂ መሥሪያ ቤቱ ጥፋቱን አያስረዳም። በዚህ ብቻችንን አይደለንም። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1845 በፕሬስኮት ጉዳይ፣ የመንግሥት ገንዘብ የተረከበ ሹም ገንዘቡ ያለ ጥፋቱ ቢሰረቅበትም ይከፍላል ብሎ ፈርዷል፤ ምክንያቱም የሕዝብ ገንዘብ ጥበቃ ጥብቅ ካልሆነ በር ይከፈታል የሚል ነበር። በዚያው አገር ዛሬ ወታደር የመንግሥት ዕቃ ሲጠፋበት መርማሪ ተመድቦ ጥፋተኝነቱ ይመረመራል፣ ጥፋተኛ ቢሆንም አብዛኛውን ጊዜ የሚጠየቀው ከአንድ ወር መነሻ ደመወዙ አይበልጥም። በእኛ በኩል ወርሃዊው ቅነሳ ልክ ቢበጅለትም ጠቅላላው ዕዳ ዓመታት ሊፈጅ ይችላል።

ተከራካሪው የፕሬስኮትን ምክንያት ያነሳል፦ በር ይከፈታል። ተጠያቂነቱ ቢላላ ከነገ ጀምሮ ሁሉም «ተሰረቀብኝ» ይላል፤ ድሃ አገር ይህን አትችልም። ይህ ስጋት በቀላሉ የሚናቅ አይደለም፤ የመንግሥት ዕቃ የማንም ዕቃ ነው የሚል ብልሹ አመለካከት በመካከላችን አለ። ግን ስርቆትና መጥፋት ለየቅል ናቸው። ለሰረቀው የወንጀል ሕግ አለ፤ የ2007ቱ የሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881ም አለ። ጥብቁ ዕዳ የሚይዘው ሌባውን ሳይሆን ከሌባው ፊት የፈረመውን ነው፤ የሚሰርቅ ሰው በስሙ ፈርሞ አይሰርቅማ። ተያዡም ቢሆን መጋዘኑን አይጠብቅም፤ በሌላ መሥሪያ ቤት፣ ምናልባትም በሌላ ከተማ ተቀምጦ በአንድ ዘመዱ ስም ይፈራል እንጂ። ከዚያ ሁሉ በላይ ዋስ ማግኘት የሚችለው ዘመድ ያለው ነው። ከገጠር መጥቶ በባሕር ዳር ደመወዝተኛ ወገን የሌለው ወጣት በታማኝነቱ ሳይሆን በዘመድ እጥረቱ ከሥራው ይቀራል።

በ2014 ዓ.ም. በክልሉ ሰሜንና ምሥራቅ በሰሜኑ ጦርነት ወቅት ጤና ጣቢያዎች፣ ትምህርት ቤቶችና መሥሪያ ቤቶች ሲዘረፉና ሲወድሙ፣ ስሙ ያለበት ይክፈል የሚለው የቆየ ሐሳብ እስከ የት እንደሚያደርስ ታየ። የአንድ ጤና ጣቢያ ማይክሮስኮፕ በአንዲት የላቦራቶሪ ባለሙያ ስም ተመዝግቧል፤ ባለሙያዋ ነፍሷን ለማዳን ሸሽታለች። ማንም ጤነኛ ሰው ክፈይ አይላትም። ይህን ሁሉም ከተቀበለ መርሁ ተቀባይነት አግኝቷል ማለት ነው፦ ዕዳን የሚወልደው ጥፋት ነው፣ ስም ብቻውን አይወልደውም። ለታላቁ ውድመት የገባን ነገር ለተሰበረ በርና ለጠፋ ላፕቶፕ የማይሠራበት ምክንያት የለም።

ስለዚህ ከገዳማቱ መውሰድ የነበረብን ግዝቱን ወይም የብራናውን ወግ ሳይሆን የጥበቃውን አደረጃጀት ነበር። የመጋዘን ቁልፍ ከአንድ እጅ ይውጣ። በየክፍሉ ያለው ቋሚ ንብረት በማን ስም እንዳለ ዝርዝሩ በክፍሉ ግድግዳ ላይ ይለጠፍ፤ ይህ በአንዳንድ ቢሮዎች ተጀምሮ አይተናል፣ ወረቀቱ ግን ከተለጠፈ ወዲህ ያደሰው የለም። ኃላፊ ዕቃ ሲወስድ እንደማንም ይፈርም። ጉድለት ሲገኝ ዕዳ ከመጻፉ በፊት ምን ሆነ ብሎ የሚመረምር፣ የኃላፊውንም ድርሻ የሚመዝን አካል ይቀመጥ። ገንዘብ ለሚይዙ ሠራተኞች የመድን ድርጅቶች የታማኝነት ዋስትና ይሸጣሉ፤ አረቦኑን መሥሪያ ቤቱ ቢከፍል ደመወዝተኛ ዘመድ ከመፈለግ ይሻላል። ይህ እስኪሆን ድረስ ግን ለወንድማችሁ፣ ለእህታችሁ ወይም ለጎረቤት ልጅ ተያዥ ሁኑ ተብላችሁ ወረቀት የሚቀርብላችሁ አንባቢዎች፣ ብዕሩን ከማንሳታችሁ በፊት የምትጠየቁበት ከፍተኛ የገንዘብ ልክ በቁጥር መጻፉን ተመልከቱ፤ መሥሪያ ቤቱ ቦታውን ባዶ ትቶ «ችግር የለም፣ ፈርሙ» ቢላችሁም አትፈርሙ።